ሳይጠየቅ አይፋቅም

ብልባላ፣ የካቲት 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ ፈንታው፣

የይምርሐነ ክርስቶስ በረከት ባሕሩን ተሻግሮ እደጅዎ ይድረስ። እርስዎ እንደምን ሰነበቱ? ባለቤትዎ እትዬ ማኅሌትስ? ልጅዎ የአብስራስ? እኛ ሁላችንም ደኅና ነን፣ ክብሩ ይስፋ። መጨረሻ ያዩኝ የአራት ዓመት ልጅ ሳለሁ ስለሆነ ምናልባት መልኬን ረስተውት ይሆናል። የአክስትዎ ልጅ የቄስ ቢሆነኝ ሦስተኛ ልጅ፣ ብልባላ የማስተምረው ሰርክአዲስ ነኝ።

የላኩልን ኮምፒዩተር በገና ተሳላሚዎች እጅ፣ በጋቢ ተጠቅልሎ በሰላም ደርሶናል። አባባ ተቀብለው ግንባራቸው ላይ አድርገው መረቁት። ከዚያ «ክዳኑ ወዴት ነው የሚከፈተው?» ብለው ጠየቁኝ። በዓመት በዓል ዕለት ቤቱን ሁሉ አሳቁት።

ምን እንደምሠራበት አልነገርሁዎትም። አባባ ለደብሩ የመጨረሻቸውን ዳዊት እየጻፉ ነው። መጨረሻዬ ያሉት ራሳቸው ናቸው። ግራ ዓይናቸው ሄዷል፣ ቀኙም እየደፈረሰ ነው። ሐኪሙ «የዓይን ነርቭ ነው፣ ቀዶ ጥገና አይመልሰውም» ብሎናል። አጠገባቸው ቆሞ ብራና መፋቅ የሚማር አንድ ተማሪ የለም። እኔም ቢያንስ እጃቸው አይጥፋ ብዬ ሁሉንም በስልኬ እቀርጻለሁ። ቆዳው ሲነከር፣ ሲወጠር፣ ቀለሙ ሲበጠበጥ፣ የመጻፊያው መቃ ሲቀረጽ፣ ፊደሉ ከየት ተነሥቶ የት እንደሚያርፍ። ስልኬ ሲሞላ ወደ ኮምፒዩተሩ እገለብጣለሁ።

አሁን ግን ኮምፒዩተሩም ሞላሁ አለ። አባባ «ምን በልቶ ነው የጠገበው?» አሉ። ብፈትሽ አንድ ትልቅ የቁፋሮና የግንባታ ጨዋታ ተጭኖበታል። የሰው ዕቃ ነውና ሳላስፈቅድ መንካት ፈራሁ። ላራግፈው ወይ? ደብዳቤዬን ላሊበላ ስወጣ በኢሜይል ነው የምልከው፣ መልስዎንም እዚያው እቀበላለሁ።

ብርሃንዎን አያጥፋብዎት።

ልጅዎ ሰርክአዲስ

———

በርገን፣ የካቲት 21 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሰርክአዲስ፣

በዚህ ዝናብ በማያባራበት ከተማ ደብዳቤሽ ፀሐይ ይዞ ገባ። እመቤቴ ከነቤተሰብሽ ትጠብቅሽ፣ ጾሙንም በሰላም ታስፈጽማችሁ። አንቺን እንዴት እረሳለሁ? የአባትሽን ቀይ ቀለም ጠጥተሽ ሦስት ቀን ምላስሽን እያወጣሽ ሰፈሩን ያስፈራራሽ አንቺ አይደለሽ?

የምትሠሪውን ሥራ ሳነብ ለማኅሌት ጮክ ብዬ አነበብሁላት። እኛ እዚህ ገንዘብ እየላክን አገር የረዳን ይመስለናል፤ አንቺ በአንድ ስልክ የሰው እጅ ታተርፊያለሽ። በረከትሽ ይብዛ።

ስለ ቄስ ቢሆነኝ አንድ ነገር ልንገርሽ። አሥራ አምስት ዓመቴ ሳለ እሳቸው ዘንድ ብራና እፍቅ ነበር። አንድ ቀን ቸኮልሁና የሚያምረውን ቆዳ መሀሉ ላይ በሳሁት። እንደሚገርፉኝ እርግጠኛ ሆኜ ቆሜ ስጠብቅ አንሥተው በብርሃን አዩት፣ ከዚያ ቀዳዳውን ዞረው ጻፉበት። ያ መጽሐፍ ዛሬም ደብሩ ውስጥ አለ፤ ጌታዬ የሚለው ቃል ቀዳዳዬ ጋ ሲደርስ ዘወር ብሎ ያልፋል። እኔ ግን በዓመቱ ትምህርቱን ጥዬ ኮበለልሁ። አሁን አውቶቡስ እነዳለሁ፤ ያም ቢሆን ቀዳዳ እየዞሩ ማለፍ ነው።

ጨዋታውን አራግፊው፣ ምን ያስፈቅዳል! የአብስራ አዲስ ኮምፒዩተር ስለተገዛለት አያስፈልገውም። ነገር ግን አብሮኝ የሚሠራ ልጅ እንደነገረኝ ጨዋታው ከተራገፈ በኋላም ኮተቱ ይቀራል። አንዳንዱ ሰነዶች ውስጥ፣ አንዳንዱም በተደበቀ ፎልደር ውስጥ ይሸጎጣል። እሱንም ፈልገሽ መንጥረሽ አጥፊው። ከዚያም የቆሻሻ ቅርጫቱን ባዶ አድርጊው። አንዳች እንዳታስቀሪ።

የአባትሽን ጉልበት ሳሚልኝ።

ፈንታው

———

ብልባላ፣ መጋቢት 15 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ ፈንታው፣

የጾሙ በረከት ይድረስዎት። ስለ ቀይ ቀለሙ የጻፉትን ለማንም አላሳየሁም፤ ተማሪዎቼ ከሰሙ አለቀልኝ። የቀዳዳውን ግን ለአባባ አነበብሁላቸው። «አሁንም ያስታውሰዋል?» አሉና ቀጥለው «ጎበዝ ልጅ ነበር፣ እጁ ይቸኩል ነበር እንጂ» አሉ።

አሁን የሆነውን ልንገርዎት፤ ትንሽ ረዘም ይላል።

መብራት ያለው ትምህርት ቤት ስለሆነ ቅዳሜ ጠዋት አባባን ይዤ እዚያ ሄድሁ። ጨዋታውን አራገፍሁት። ቀላል ነበር። ግን የተለቀቀው ቦታ ከሚያስፈልገኝ ግማሽ እንኳ አልሞላም። እንዳሉኝ ኮተቱን ስፈልግ ሁለት ፎልደር አገኘሁ። አንዷ ተደብቃ የነበረች ትንሽ ናት፣ ስሟ ቁጥርና ፊደል የተደባለቀ፣ ትርጉም የሌለው። ሌላው ግዙፍ ነው። የአብስራ ሲጫወት የቀረጻቸው አርባ አንድ ቪዲዮዎች። ሁለቱንም መርጬ ልደመስስ ጣቴን ሳስጠጋ አባባ «ምንድን ነው?» አሉኝ።

«ትርፍራፊ ነው» አልሁ።

«ማን የሠራው?»

«የአያ ፈንታው ልጅ።»

«አነበብሽው?»

«ኧረ የሚነበብ አይደለም አባባ፣ የሚታይ ነው።»

«እንግዲያው አይተሽዋል?»

አላየሁትም። አባባ በትራቸውን መሬት ላይ መታ አደረጉና «በእኔ ቤት ሳይነበብ፣ ሳይጠየቅ አይፋቅም» አሉ። ደንቡን እርስዎም ያውቁታል። የተጻፈ ብራና ለሌላ ሥራ ከመፋቁ በፊት ዳር እስከ ዳር ይነበባል፤ ጸሐፊው በሕይወት ካለ ደግሞ ይጠየቃል። ይህ ኮምፒዩተር ነው ብላቸው «ቆዳው ተለወጠ እንጂ ነገሩ ያው ነው» አሉኝ።

ስለዚህ አየነው። ትምህርት ሲለቀቅ እዚያው ትምህርት ቤት በየቀኑ ሦስት አራት እያልን አርባ አንዱንም አየን። አባባ አፍንጫቸው ስክሪኑን እስኪነካ ተጠግተው ያያሉ፤ ያልታያቸውን እኔ እነግራቸዋለሁ። ልጆቹ በእንግሊዝኛ ነው የሚያወሩት፣ እሱንም እተረጉማለሁ።

አያ ፈንታው፣ የአብስራ ምን ሲሠራ እንደነበር ያውቃሉ?

የመጀመሪያው ላይ ባዶ ተራራ አለ። እሱ ዙሪያውን ጉድጓድ እየቆፈረ መሀሉን አንድ ወጥ ድንጋይ አድርጎ ያስቀረዋል። ከዚያ ከላይ፣ ከጣሪያው ጀምሮ ወደ ታች ይፈለፍለዋል። ጓደኛው «ሰው ቤት ከመሠረት ይጀምራል፣ አንተ ለምን ከጣሪያ?» ሲለው የአብስራ «አባቴ በመጣበት አገር እንዲህ ነው የሚሠሩት» ይላል። ጓደኛው «ከጣሪያ ከጀመሩ ወለሉ የት እንደሚሆን እንዴት ያውቃሉ?» ይለዋል። የአብስራም «አላውቅም። አባቴን ጠይቄው ነበር፣ ደክሞት ነበር» አለ።

በጨዋታው ሕግ የፈረሰ ድንጋይ በአንድ ጣት ተመልሶ ይተከላል። እሱ ግን ለራሱ ሌላ ሕግ አወጣ፤ የወጣ ድንጋይ አይመለስም። አሥራ ዘጠነኛው ቪዲዮ ላይ ሳያስበው አንድ ምሰሶ አፈረሰ። ጓደኛው «መልሰው፣ ማን ያይሃል?» እያለ ይስቅበታል። የአብስራ ግን «እዚያ ማንም ሊመልሰው አይችልም ነበር» አለና ዙሪያውን እየዞረ ተመለከተው። ከዚያ ዕቅዱን ለወጠ። ምሰሶው በነበረበት በኩል ያለውን ግድግዳ ወፈር አድርጎ አስቀርቶ መስኮት አወጣበት። አያ ፈንታው፣ ምሰሶው ቢኖር እንዲያ አያምርም ነበር።

አባባ ጭናቸውን በጥፊ መቱ። «ቀዳዳውን ዞሮ ጻፈበት!» አሉ። «ይሄን ልጅ ማን አስተማረው?» እኔም ማን እንዳስተማረው አላወቅሁም። እኔ እዚህ ከላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት አጠገብ ተወልጄ፣ ተማሪዎቼን እየመራሁ ስንቴ ገብቼ ወጥቼ፣ አንድ ቀን ቆም ብዬ ወለሉን ማን አወቀው ብዬ ጠይቄ አላውቅም። የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ በማያውቀው አገር ሆኖ ጠየቀው። ቀናሁበትም፣ ኮራሁበትም።

አርባ አንደኛው ላይ ወገቡ ድረስ ወርዷል። ወለሉ ገና ነው። እዚያ ላይ የእርስዎም ድምፅ አለ። ከዚያ ይቆማል።

አባባ እሱን ሁለተኛ እንድከፍተው አልፈለጉም። መቃቸውን አጥበው የቀለም ቀንዱን ከድነው አስቀመጡ። ከዳዊቱ የቀራቸው ሁለት ጥራዝ፣ ጥቂት ቅጠል ብቻ ነው። «አሁን ቦታ ሳይኖርሽ ብጽፈው ያልቃል፣ ካለቀም የምትቀርጪው የለሽም፤ ልጁ ፈቃዱን እስኪልክ እንጠብቅ» ብለዋል። እባክዎን የአብስራን ይጠይቁልን፤ እናጥፋው ወይ?

በጾም ጸሎትዎ አይርሱን።

ሰርክአዲስ

———

በርገን፣ መጋቢት 22 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለሰርክአዲስ፣

ሰላም ነሽ? እኛ ደኅና ነን።

ጨዋታ ነው፣ ልጄ። ልጆች እዚህ አገር ስንትና ስንት እንዲህ ያለ ነገር ሠርተው ይጥላሉ። የአብስራ ትምህርት ላይ ነው፣ ለዚህ የሚሆን ጊዜ የለውም። ኮምፒዩተሩን የላክሁት እኔ ነኝ፣ እኔ አጥፊው ካልሁሽ አጥፊው።

ቦታ ካልበቃሽ ለፋሲካ ወደ አገር ከሚገባ ሰው ጋር ማስቀመጫ ዲስክ ልኬልሻለሁ፣ ላሊበላ ያደርስልሻል። ቄስ ቢሆነኝን ሥራቸውን እንዳያቋርጡ ንገሪያቸው። ዓይን አይጠብቅም።

ፈንታው

———

ብልባላ፣ ሚያዝያ 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ ፈንታው፣

እንኳን ለብርሃነ ትንሣኤው አደረሰዎት፣ እትዬ ማኅሌትንም እንኳን አደረሳት። የአብስራንም፣ ባለበት።

ዲስኩ ደርሶኛል፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። ግን አልከፈትነውም። ለአባባ ባሳያቸው «እኔ ቦታ አልጠየቅሁም፣ ፈቃድ ነው የጠየቅሁ» ብለው በመስኮቱ ላይ አስቀመጡት፤ እስካሁን እዚያው ነው።

ዛሬ ደግሞ አስቀምጠውኝ እንዲህ ብለሽ ጻፊ አሉኝ። ቃላቸውን ሳልጨምር ሳልቀንስ ነው የጻፍሁት።

«ወንድሜ ፈንታው፣ ክርስቶስ ተንሥአ እሙታን። እኔ የዳዊቱን መጨረሻ ገጽ ስደርስ ለዚህ ሥራ እጁን የዘረጋውን ሰው የክርስትና ስም እጽፋለሁ፤ ደንቡን ታውቀዋለህ። ኮምፒዩተሩን ስጦታ ነው ብለህ ላክህልኝ። አሁን ማን እንደሰጠኝ ጠፍቶኛል። ከልጅ እጅ በቁጣ የተነጠቀ ነገር ከሆነ መጽሐፌ ላይ የማንን ስም ላኑር? አልፈርድብህም። እኔም ልጅ አሳድጌአለሁ፣ ይህችን የምትጽፍልህን ጨምሮ። ያጠፋችውን አንተ አታውቅም። ብቻ ልጁን ጠይቀው። መልሱ አጥፉት ቢሆን አጠፋለሁ፣ ተዉት ቢል እተዋለሁ። የምጠብቀው ቃሉን ነው።»

የአባባ ቃል እዚህ ላይ አበቃ። ያልነገሩዎትን እኔ ልጨምር። በሆሣዕና ዕለት ማሳ ውስጥ የቆመ ሰው ማን እንደሆነ መለየት አቅቷቸው ነበር። መቃው ከተቀመጠ አንድ ወር ከአሥር ቀን አለፈው። እኔ ለመንኋቸው፣ አልቅሼም ለመንኋቸው። አልሰሙኝም።

አያ ፈንታው፣ ደፍሬ ከሆነ ይቅር ይበሉኝ። የመጨረሻውን ቪዲዮ እኔ ብቻዬን አንድ ጊዜ ደግሜ ሰምቼዋለሁ። እርስዎ ገብተው የተናገሩትን ሁሉ ከተናገሩ በኋላ፣ ከመቋረጡ በፊት፣ የአብስራ በአማርኛ አንድ ነገር ይላል። «ላሳይህ ነበር» ነው የሚለው።

ሰርክአዲስ

———

በርገን፣ ሰኔ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሰርክአዲስ፣ በእሷም በኩል ለአባቴ ለቄስ ቢሆነኝ፣

የዘገየሁበትን ምክንያት አብ ወልድ መንፈስ ቅዱስ ያውቁታል፤ እናንተም ልታውቁት ይገባል። ደብዳቤሽን በፋሲካ ሰሞን ተቀብዬ፣ በወረቀት አትሜ አንድ ወር ሙሉ በአውቶቡሴ ኪስ ይዤው ዞርሁ።

ዋሽቻችኋለሁ። አዲስ ኮምፒዩተር አልተገዛለትም። ኅዳር ላይ ፈተናውን ወደቀ፣ ሌሊቱን ሙሉ ሲጫወት ያድር ነበር። ከሥራ ደክሜ ገብቼ የክፍሉን በር ስከፍት እሱ ይስቃል፣ ከማላውቀው ሰው ጋር ያወራል። የተናገርሁትን ሰምታችኋል፤ አልደግመውም። ገመዱን ነቅዬ ኮምፒዩተሩን በብብቴ ይዤ ወጣሁ። በሳምንቱ ለአንድ ተሳላሚ ሰጥቼ ላክሁት። ለመልካም ሥራ ከዋለ ቁጣዬም ጽድቅ የሚሆን መስሎኝ ነበር። የአብስራ ታኅሣሥ ላይ ቤቱን ለቆ ትሮንድሄም ወደሚባል ከተማ ሄደ። እዚያ አንድ አናጢ ዘንድ ይሠራል። ለእናቱ ይደውላል። ለእኔ ስድስት ወር አልደወለም፣ እኔም አልደወልሁም። «የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ» ይባላል። ይህን ተረት ያወጣው ሰውዬ ልጅ አልነበረውም።

«ላሳይህ ነበር» ያለውን አልሰማሁትም ነበር፣ ሰርኬ። እዚያው ቆሜ አልሰማሁትም። ከወሩ በኋላ ማኅሌት ደብዳቤሽን ስታነብ እዚያ ቃል ላይ ስትደርስ መነጽሯን አውልቃ አየችኝ። በማግሥቱ የአራት ቀን ፈቃድ ጠየቅሁ።

በባቡር አንድ ሙሉ ቀን ነው። ደጁ ቆሜ ስደውልለት ወጣ። ከስቷል፣ እጁ ግን ሰፍቶ የሠራተኛ እጅ ሆኗል። ምን ብዬ እንደምጀምር በባቡሩ ሙሉ ሳጠና የመጣሁት ሁሉ ጠፋኝና «ቄስ ቢሆነኝ የሚባሉ ሰው ቤተ ክርስቲያንህን እናጥፋው ወይስ እንተወው ብለው ይጠይቁሃል» አልሁት።

አልገባውም። ደብዳቤዎችሽን አውጥቼ እዚያው ደረጃ ላይ ተቀምጬ እያነበብሁ ተረጎምሁለት። አርባ አንዱንም እንዳያችሁለት ስነግረው አላመነኝም። «አርባ አንዱንም? እኔ ራሴ አላየሁትም» አለ። አሥራ ዘጠነኛው ላይ አባትሽ ጭናቸውን እንደመቱ ሳነብለት ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እኔም የቀዳዳዬን ታሪክ ነገርሁት። በዕድሜው ሙሉ ነግሬው አላውቅም ነበር። ለእኔ ሲሆን ሰው ዞሮ ጻፈልኝ፣ እኔ ለልጄ ሲሆን ቆዳውን ቀደድሁት። ይቅርታ ጠየቅሁት፣ ሰርኬ። በአማርኛ ጠየቅሁት፤ በእነሱ ቋንቋ ቀላል ይሆንብኛል ብዬ ፈራሁ።

እሱም ፊቱን መለሰና «ትንሿ ፎልደር አለች?» አለኝ።

አሁን የምጽፍልሽን በደንብ ያዢው፣ የእሱ ቃል ነው። ቪዲዮዎቹን ሁሉ አጥፉ፣ አንድም አታስቀሩ፣ ቦታውን ለእሳቸው እጅ ስጡት ብሏል። ቪዲዮው ቤተ ክርስቲያኑ ሲታይ ነው እንጂ ቤተ ክርስቲያኑ አይደለም። ቤተ ክርስቲያኑ ያለው ስሟ ትርጉም በሌላት በትንሿ ፎልደር ውስጥ ነው፤ ጨዋታው እስካሁን የቆፈረውን የሚመዘግበው እዚያ ነው። እሷን ላኪልኝ ይላል። አጥፍተሻታል ብሎ ነበር የተጨነቀው፤ እንዳላጠፋሽ ስነግረው እዚያው ደረጃው ላይ ቁጭ አለ።

ያን ቅዳሜ ጠዋት እኔ እንዳዘዝሁሽ ጠራርገሽው ቢሆን ኖሮስ? የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይላሉ፤ እኔ እኮ የሚለቀም እንኳ አላስቀርም ነበር። የአባትሽን እግር የምስምበት ቀን ያድርሰኝ።

ሦስት ቀን አብሬው አደርሁ። ሲሸኘኝ በባቡር ጣቢያው «ወለሉን እንዴት ያውቁ ነበር?» አለኝ። «አላውቅም፣ ልጄ» አልሁት። ሁለታችንም ሳቅን። አባትሽን ጠይቂልን።

ፈንታው

———

ብልባላ፣ ሰኔ 30 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ ፈንታው፣

እግርዎን የመራ አምላክ ይመስገን። ደብዳቤዎን ላሊበላ ላይ ተቀብዬ ብልባላ እስክደርስ ሦስት ጊዜ አነበብሁት። ለአባባ ሳነብላቸው ደግሞ መሀል ላይ ደጋግሜ አቆምሁ። እሳቸው እንኳ ፈገግ ብለው «ቀጥዪ፣ ቀጥዪ» ይላሉ።

አንድ ነገር ልናዘዝ። የአብስራ ተዉት ቢል ኖሮ ቪዲዮዎቹን አስቀርቼ ትንሿን ፎልደር ልደመስሳት አስቤ ነበር። ኮተት መስላኝ። ሳይጠየቅ አይፋቅም ያሉት አባባ እውነታቸውን ነው፤ የትኛው ነፍሱ እንደሆነ የሚያውቅ የሠራው ብቻ ነው።

በማግሥቱ ላሊበላ ወጥቼ ከአንድ ሆቴል በዋይፋይ ላክኋት። ከአንድ ፎቶ ብዙ አትበልጥም። ያን ሁሉ ተራራ የያዘች ናት ብዬ እያየኋት ሻይዬ ሳይበርድ ሄደች። የአብስራ «ደረሰች» ብሎ በአማርኛ ጻፈልኝ። ከዚያ በኋላ ነው ወደ ቪዲዮዎቹ የተመለስነው። አባባ አማተቡና «በይ» አሉኝ። አርባ አንዱንም መርጬ ደመሰስሁ፣ ቅርጫቱንም ባዶ አደረግሁ። «አባባ፣ አሥራ ዘጠነኛዋን እንኳ...» ስላቸው «አንብበነዋል እኮ፣ እኛ ዘንድ አለ» አሉ።

የዚያኑ ቀን መቃቸውን አወጡ። የመጀመሪያው መስመር ጎበጠ፣ ሁለተኛው ቀና፣ ከዚያ በኋላ የምነግርዎት የለኝም። በብራናው ላይ የተጫረውን መስመር ከማየት ይልቅ በጣታቸው እየዳሰሱ ነው የሚጽፉት። እኔ ቆሜ እየቀረጽሁ ስንት ጊዜ ትንፋሼን ይዤ ረሳሁት። በዓለም ላይ እንደ እሳቸው ያለ እጅ ካለ አላየሁትም። በአሥራ ስድስት ቀን ሁለቱን ጥራዝ ጨረሱት። ሁሉም ተቀርጿል።

የወለሉን ነገር ጠየቅኋቸው። «ድንጋይ አላውቅም» አሉ። «እኔ ብራናዬን ስጀምር ቃሉ የት እንደሚያልቅ በልኩ አላውቀውም። ግን ከሁሉ በፊት የመጨረሻው ገጽ ላይ ለስም የሚሆን ቦታ ለክቼ እተዋለሁ። ወደዚያ ነው የምሄደው። እነሱም፣ ድንጋይ ፈልፋዮቹ፣ የሚቆሙበትን ቦታ አስቀድመው ለክተው ይሆናል። ልጁ ቆፍሮ ይንገረን።»

አሁን ዳዊቱ ተፈጽሟል፤ የጎደለው ያ አንድ መስመር ብቻ ነው። አባባ እንዲህ ይላሉ፤ እንዲጠፋ መፍቀዱን ሰምተናል፣ መስጠቱን ግን አልሰማንም። የአብስራ ኮምፒዩተሩን መልሱልኝ ካለ እኔ ሰርክአዲስ ራሴ ተሸክሜ አዲስ አበባ ድረስ ወስጄ ለሚመጣ ሰው እሰጣለሁ፣ ቅሬታም የለንም። ከሰጠን ግን የክርስትና ስሙን ይላክልን። ቀለሙ ተበጥብጦ ይጠብቃል። የዛሬ ሳምንት ጣቴ ስንት እንደሆነ ጠይቄያቸው ነበር፤ ሦስቱን አራት አሉኝ።

እጅ እነሣለሁ።

ሰርክአዲስ

———

በርገን፣ ሐምሌ 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሰርክአዲስና ለአባቴ ለቄስ ቢሆነኝ፣

ዕድሜና ጤና ይስጣችሁ። ይህን የምጽፈው ደብዳቤሽ በደረሰ በማግሥቱ ነው።

የአብስራ ትናንት ማታ ስልክ ደወለ፣ ለእናቱ ሳይሆን ለእኔ። ስክሪኑን አዙሮ አሳየኝ። ከአናጢው በተዋሰው ኮምፒዩተር ቁፋሮውን ቀጥሏል። ያቺን መስኮት አየኋት ሰርኬ፣ እውነትሽን ነው። «ወለሉ ገና ነው፣ ግን የቱ ጋ እንደምቆም ለክቻለሁ» አለኝ። አንድ ሰዓት ሙሉ ሲቆፍር አየሁት። ደክሞኝ ነበር፣ ግን አልነገርሁትም።

የቄስ ቢሆነኝን ጥያቄ ስነግረው ስልኩን አስቀምጦ ሄደ። ቅር ብሎት ነው ብዬ ደንግጬ ነበር። ሲመለስ ወረቀት ይዞ መጣ። እናቱ በልጅነቱ ፊደል ስታስቆጥረው የተማረውን አስታውሶ በገዛ እጁ ጽፎ፣ ፎቶ አንሥቶ ላከልኝ። ከዚህ ጋር አያይዤዋለሁ። «ሰጥቻለሁ። ወልደ ሩፋኤል» ነው የሚለው።

ፊደሉ ተንጋዷል፣ ቀለሙም አንድ ቦታ ፈስሷል። ቄስ ቢሆነኝ ዓይናቸው ከቻለ በገዛ እጃቸው አሳምረው ይጻፉት፣ ካልቻለም አንቺ እጃቸውን ያዢላቸው። ፎቶውን ግን ኮምፒዩተሩ ላይ አስቀምጪልን። ቦታ ቢጠብሽ ሌላውን ሁሉ ጠይቀሽ አጥፊ፤ እሱን ግን ላጥፋው ወይ ብለሽ እንኳ አትጠይቂኝም።

ፈንታው